የደከመውን ድንጋይ መለወጥ

ቻርጅ የሚደረግ ፋኖስ ገዝታችሁ ወደ አገር ቤት የላካችሁ ታውቁታላችሁ፡፡ በመጀመሪያው ዓመት ሌሊቱን ሙሉ ያበራል፤ ውሎ አድሮ ግን ልጁ አንድ ገጽ አንብቦ ሳይጨርስ ይደበዝዛል፡፡ «ተበላሸ» ተብሎም ይጣላል፡፡ የቆሎ ተማሪ ሳለን በእሳትና በጨረቃ ብርሃን ቀለም ላጠናን ሰዎች መብራት ሲጣል ማየት ያሳዝነናል፡፡ ደግሞም ብዙ ጊዜ የሞተው ፋኖሱ ሳይሆን በውስጡ ያለው ድንጋይ ነው፡፡

የፋኖሱ ባትሪ ሣጥን የሚመስለው የእርሳስ ባትሪ ከሆነ ነገሩ ቀላል ነው፡፡ 4 ወይም 6 ቮልት ተብሎ ይጻፍበታል፤ በቮልትም በቁመትም አንድ የሆነ ሌላ ገዝቶ፣ የመደመርና የመቀነስ ምልክቱን ሳያዛንፉ ማገናኘት ነው፡፡ ይህ ዓይነት ባትሪ ባዶውን ለወራት ከተቀመጠ ይሞታልና፣ ለመላክ ገዝታችሁ የምታቆዩት ከሆነ ሞልታችሁ አስቀምጡት፡፡

የማዳም ገመድ አልባ መክነሳ ግን ሌላ ነው፡፡ ባትሪው ሲከፈት በተርታ የተያያዙ ብዙ የሊቲየም ድንጋዮች ይገኙበታል፡፡ 21.6 ቮልት የሚል ቢሆን እያንዳንዳቸው 3.6 ቮልት የሆኑ ስድስት ናቸው ማለት ነው፡፡ ከስድስቱ አንዱ ሲደክም ከሌሎቹ ቀድሞ ባዶ ይሆናል፤ ተቆጣጣሪው ሰሌዳም ጉዳት እንዳይደርስ ሁሉንም ያጠፋል፡፡ አምስቱ ጉልበት እያላቸው ማሽኑ ይቆማል፡፡ ያን ጊዜ ነገሩ ወደ ሠራተኛዋ ይዞራል፤ «አንቺ ነሽ የሰበርሽው» ትባላለች፡፡ ማሽኑ በእጇ እንዳልተሰበረ፣ ድንጋዩ እንዳረጀ፣ በቮልት መለኪያ ማሳየት ይቻላል፡፡ ባትሪው ሞልቶ ሲለካ ጤነኞቹ ወደ 4.2 ቮልት ተጠግተው አንዱ ብቻ 3 ቮልት ላይ ቢቀር፣ በሽተኛው እርሱ ነው፡፡ እናንተ ግን አትክፈቱት፡፡ ጫፍና ጫፉ በቢላ ወይም በመፍቻ ቢነካካ እሳት ያስነሣል፡፡ ለማዳም ነግራችሁ በእርሷ ፈቃድ ወደ ጠጋኝ ይሂድ፡፡

በሐዋሊ ኢብን ኻልዱን ጎዳና የኮምፒውተር ሱቆች የተሰበሰቡበት ነው፡፡ የላፕቶፕ ባትሪም አሠራሩ ከዚሁ ጋር ስለሚመሳሰል እዚያ መጠየቅ አይከፋም፡፡ ጠጋኙ «አንዱን ብቻ ልለውጥ» ቢል አትቸኩሉ፤ አዲሱ ከአሮጌዎቹ ጋር እኩል አይሄድም፣ ጥቂት ቆይቶም ሌላው ይደክማል፡፡ ሁሉም በአንድ ጊዜ፣ ከአንድ ፋብሪካ፣ በአንድ መጠን ቢለወጡ ይሻላል፡፡ ድንጋዮቹ የሚያያዙት በስስ የኒኬል ቅጠል፣ በነጥብ ብየዳ ነው፡፡ ቆርቆሮ እያቀለጠ የሚያጣብቅ ከሆነ ሙቀቱ ድንጋዩን ይጎዳዋል፡፡ ስለ ዋጋም ልንገራችሁ፤ 18650 የሚባለው የጣት ያህል ድንጋይ (18 ሚሊ ሜትር ውፍረት፣ 65 ሚሊ ሜትር ርዝመት ያለው) እውነተኛው ከ4000 ሚሊ አምፒር ሰዓት ብዙም አያልፍም፡፡ 9900 ተብሎ ተጽፎበት በርካሽ የሚሸጠው የለየለት ውሸት ነው፡፡

ድንጋይን ከሁሉ ይልቅ የሚያስረጀው ሙቀት ነው፡፡ በኩዌት ምጥርባ እ.ኤ.አ. ጁላይ 21 ቀን 2016 ሙቀቱ 53.9 ዲግሪ ደርሷል፤ በእንዲህ ያለ አገር ፓወር ባንክን በመስኮት ደፍ ላይ ወይም በመኪና ውስጥ መተው አይገባም፡፡ ከትራስ ሥር አድርጎ ቻርጅ ማድረግም እንደዚሁ፡፡ ያበጠ ባትሪ ከሆነ ጨርሶ አይሞላ፡፡

ወደ አገር ቤት ስትሄዱ ፓወር ባንክና ትርፍ የሊቲየም ባትሪ የሚያዘው በእጅ ሻንጣ ብቻ ነው፤ በሚጫነው ሻንጣ አይገባም፡፡ ያለ አየር መንገዱ ልዩ ፈቃድ የሚያልፈው እስከ 100 ዋት ሰዓት ያለው ነው፡፡ 20,000 ሚሊ አምፒር ሰዓት የሚለው ፓወር ባንክ በ3.7 ቮልት ሲባዛ 74 ዋት ሰዓት ይሆናልና ያልፋል፤ 30,000 የሚለው ግን 111 ስለሚሆን አስቀድማችሁ ጠይቁ፡፡