መካከለኛው ምድር የጸናችበት ዜማ

የቶልኪንን «የቀለበቶቹ ጌታ» በፊልም ያየ ሰው ስለ ቀለበቱ፣ ስለ ሰይፉና ስለ ጋንዳልፍ ሲያወራ ያመሻል። ያ ሁሉ ተራራና ባሕር በምን እንደጸና የሚጠይቅ ግን ብዙም አላጋጠመኝም። የጸናው በድምፅ ነው። ነገሩ የሚገኘው «ሲልማሪሊዮን» በተባለው መጽሐፍ መግቢያ ላይ፣ «አይኑሊንዳሌ» በሚል ርእስ በተጻፉ ጥቂት ገጾች ውስጥ ነው። ከደራሲው ሥራዎች ሁሉ እኔ የማስቀድመው እነዚህን ገጾች ነው።

መሠረቱ ቀላል ነው። ፈጣሪው ኤሩ ኢሉቫታር አይኑር ለሚባሉ መናፍስት የዜማ ጭብጥ ይሰጣል፤ እነሱም እያስጌጡ ያዜማሉ። ከሁሉ የበረታው ሜልኮር የራሱን ሐሳብ እየጨመረ ያውካል። ኢሉቫታር ሁለተኛና ሦስተኛ ጭብጥ ያስነሣል፣ በመጨረሻም ዜማውን ይዘጋል።

ምስጢሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። አይኑር የሚያዜሙት ለምን እንደሆነ አያውቁም፤ ከውበቱ ሌላ ዓላማ ያለው አይመስላቸውም። ዜማው ካበቃ በኋላ ኢሉቫታር ራእይ ሲያሳያቸው ነው ያን ሁሉ ጊዜ ለኤልፎችና ለሰዎች ማደሪያ ሲያዘጋጁ እንደነበር የሚገባቸው። ኤልፎችና ሰዎች ራሳቸው የመጡት ደግሞ ከሦስተኛው ጭብጥ ነው፤ እነሱን በመፍጠር ረገድ ከአይኑር አንዳቸውም እጃቸው የለበትም። «ዓለም በዘፈን ተፈጠረ» እያሉ የሚያሳጥሩት ሰዎች አንድ ነገር ይዘነጋሉ። ዜማው ቤት ከመሠራቱ በፊት እንደሚነሣ ፕላን ነበር። አይኑር ወደ ዓለም ሲወርዱ የጠበቃቸው ገና ምንም ያልተሠራበት ስፍራ ነው፤ ያዜሙትን በረጅም ዘመን ድካም መሥራት ነበረባቸው።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ ግን «ኢሉቫታር ሜልኮርን በጉልበት ጸጥ አሰኘው» የሚለው አነጋገር ነው። በየጨዋታው እሰማዋለሁ፤ መጽሐፉን አንብበናል ከሚሉ ሰዎች አፍ ሳይቀር። እስኪ ገጹን ገልጣችሁ እጆቹን ተከተሉ። ሁከቱ መጀመሪያ ሲነሣ ኢሉቫታር ፈገግ ብሎ ግራ እጁን ያነሣል፤ አዲስ ጭብጥ ይጀምራል። ሜልኮር ይብስበታል፤ ብዙዎቹ አይኑር ደንግጠው ማዜም ያቆማሉ። ኢሉቫታር ፊቱን አኮስትሮ ቀኝ እጁን ያነሣል፤ በዚህ ጊዜ የሚመጣው ሦስተኛው ጭብጥ ሲጀምር ለስላሳና ስስ ነው። ጩኸትን በጩኸት ለመመለስ የፈለገ አካል እንዲህ ያለ ድምፅ አይመርጥም።

ከዚያ ሁለት ዜማዎች ጎን ለጎን ይሄዳሉ። አንዱ ጥልቅና ዝግ ያለ ነው፤ ውበቱ በአመዛኙ የሚመነጨው ከኀዘኑ ነው። የሜልኮር ደግሞ በጥቂት ኖታዎች ላይ ያለማቋረጥ እንደሚያናፋ መለከት ነው፤ ብዙ ድምፅ፣ ትንሽ ስምምነት። ሜልኮር ያን ጥልቅ ዜማ ሊውጠው ይታገላል፤ ዜማው ግን የሜልኮርን እጅግ የደመቁ ኖታዎች እየወሰደ በራሱ ጥልፍ ውስጥ ያስገባቸዋል። ኢሉቫታር ሁለቱን እጆቹን አንሥቶ በአንድ ኅብረ ድምፅ የሚዘጋው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ሁከቱ ከዓለም አልተሰረዘም፤ የዓለም ታሪክ አካል ሆነ።

ይህ ባዶ ፍልስፍና እንዳይመስላችሁ ቶልኪን ማስረጃውን በውኃ ያሳያል። ኡልሞ የውኃ ጌታ ነው። ሜልኮር ግዛቱን በከባድ ብርድ ሲያውክበት በረዶና ውርጭ ተወለዱ፤ በሙቀት ሲያውክበት ደግሞ ደመናና ዝናብ። ኡልሞም ውኃ እሱ በልቡ ካሰበው ይልቅ አምሮ እንዳገኘው፣ የበረዶዋን ቅንጣት ፈጽሞ እንዳላሰባት ይናገራል። የጥንቱ ዜማ ማሚቶ ከሌላው ነገር ሁሉ ይልቅ በውኃ ውስጥ ቀርቷል፤ ሰዎች የባሕርን ድምፅ ሰምተው የማይጠግቡትም ለዚህ ነው፤ የሚሰሙት ምን እንደሆነ ግን አያውቁም።

ሥራው ራሱም የድብቅ ያህል ኖሯል። ቶልኪን የመጀመሪያውን ቅጂ የጻፈው ከአንደኛው የዓለም ጦርነት ማግስት፣ በኦክስፎርድ የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ሠራተኛ ሳለ ነው። እ.ኤ.አ. በ1937 የሲልማሪሊዮንን ጽሑፍ ለአሳታሚው ቢያቀርብም ተቀባይነት አላገኘም። በ1973 እስኪሞት ድረስ ሲያርመው ኖረ፤ ልጁ ክሪስቶፈር አሰናድቶ ያሳተመው በ1977 ነው። ስለዚህ «የቀለበቶቹ ጌታ ተቀጥላ ነው» ማለት ግንዱን ቅርንጫፍ ማለት ነው።

በቶልኪን መጻሕፍት ያሉትን ግጥሞች እየዘለላችሁ ለምታነቡም አንድ ቃል አለኝ። በዚያ ዓለም ዘፈን ጌጥ አይደለም፣ ሥራ ይሠራል። ከአይኑር አንዷ ያቫና ዘምራ ሁለቱን የብርሃን ዛፎች አበቀለች። ኤልፉ ፊንሮድ ከሳውሮን ጋር የተፋለመው በዜማ ነው፤ ተሸነፈም። ኤልፏ ሉቲየን የሙታን ዳኛ በሆነው በማንዶስ ፊት ዘምራ አራራችው። ፊልሙ የተወው ቶም ቦምባዲልም ሆቢቶቹን ከአሮጌው አኻያ ዛፍና ከመቃብሩ መንፈስ ያስጣለው በዘፈን ነው። ብዙ አንባቢ ቦምባዲልን ከታሪኩ ጋር የማይገጥም ቀልደኛ ያደርገዋል። አይኑሊንዳሌን አስቀድማችሁ ድምፅ አውጥታችሁ አንብቡና ወደ እሱ ተመለሱ፤ ከመላው «የቀለበቶቹ ጌታ» የዓለሙን አሠራር በግልጥ የሚያሳየው እሱ መሆኑን ታገኙታላችሁ።