«ሚስቴ አይደለችም» ቢል ማን ይመስክር?

ከእንጦጦ ተራራ ወደ የካ የሚወርደውን መንገድ ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። ተራራው በምኒልክ ዘመን ከውጭ በመጣው ባሕር ዛፍ የተሸፈነ ነው። በዚህ መንገድ ሴቶች ለብዙ ዘመን ጎንበስ ብለው እንጨት ተሸክመው ሲወርዱ ኖረዋል። ሸክሙ ተሽጦ ሽሮ ሆኗል። የልጅ ደብተር ሆኗል። የቤት ቆርቆሮም ሆኗል። ትዳር ሲፈርስ ታዲያ ጥያቄ ይነሳል። ቤቱ የማን ነው? ሴትዮዋስ ምን ነበረች?

ነገሩን በምሳሌ እንየው። ባልና ሚስት በኮተቤ አካባቢ ሃያ ዓመት አብረው ኖሩ እንበል። ሽማግሌ ተልኮ፣ ድግስ ተደግሶ የተጋቡ ናቸው። የጋብቻ ወረቀት ግን የላቸውም። ቤቱ በባልየው ስም ነው። ተጣሉና ሚስት ፍርድ ቤት ሄደች። ባል ዳኛ ፊት ቀርቦ፣ «ይህች እኮ እንጀራ ጋጋሪዬ ናት፤ በደመወዝ ነው የኖረችው» አለ። እንዴ! እንዲህም ይባላል? አዎ፣ ይባላል። ይህን የመሰለ ክርክር ለፍርድ ቤቶቻችን አዲስ አይደለም።

ሕጉ ምን ይላል? በአዲስ አበባ የሚሠራበት የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ የወጣው በ1992 ዓ.ም. ነው። የአማራ ክልልም በ1995 ዓ.ም. የራሱን የቤተሰብ ሕግ አውጥቷል። በ1992ቱ ሕግ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፣ በሃይማኖት ወይም በባህል የተፈጸመ ጋብቻ እኩል ነው። ዋናው ማስረጃ የጋብቻ ወረቀት ነው። ወረቀት ከሌለስ? ሕጉ ሌላ በር ከፍቷል። ሁለቱ ሰዎች ባልና ሚስት ነን ብለው ከኖሩ፣ ዘመድና ጎረቤትም እንደዚያው ካወቃቸው፣ ይህንኑ በምስክር ማስረዳት ይቻላል።

ምስክር የሚሆነው ባለሥልጣን ብቻ አይደለም። አብራት እንጨት የተሸከመች ጓደኛዋ ምስክር ናት። የልጇ የክርስትና እናት ምስክር ናት። የዕድሩ ዳኛ ምስክር ነው። የሴትዮዋ እናት በሞቱ ጊዜ ባልየው ድንኳን ውስጥ አማች ሆኖ ሐዘን ተቀምጦ እንደሆነ ዕድርተኛው በዓይኑ አይቷል። ለሠራተኛው እናት እንደዚያ የሚቀመጥ አሠሪ የት አለ? ምስክር ያየውን ይናገር። «ሲባል ሰምቻለሁ» የሚል ቃል ክብደቱ ትንሽ ነው። በሐሰት መመስከር ደግሞ ያሳስራል።

ይሁን እንጂ ምስክር እንዲሁ ተነስቶ አይመሰክርም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ እንደሚያዘው፣ ከሳሽ የምስክሮቹን ስምና አድራሻ፣ የሚመሰክሩበትንም ነገር ጽፎ ከክሱ ጋር ያያይዛል። ተከሳሽም ከመልሱ ጋር እንዲሁ ያደርጋል። ስለዚህ ክስ ስታጽፉ ዝርዝሩን ራሳችሁ አንብቡት። ስሟ ያልተጻፈ ጎረቤት በር ላይ ቆማ ልትቀር ትችላለች።

ምስክሩ በፍርድ ቤት መጥሪያ እንዲጠራም መጠየቅ ይቻላል። የመንገዱንና የሌላውን ወጪ ግን ጠሪው አስቀድሞ ያስይዛል። እዚህ ላይ ነው ድሃ የሚጎዳው። ገንዘብ ያለው ባል ምስክሮቹን በመኪና ጭኖ ያመጣል። እንጨት ሸጣ የምታድር ሴት ከየት ታምጣ? የሌለው ሰው ክሱ በደሀ ደንብ፣ ያለ ዳኝነት ክፍያ፣ እንዲታይለት ማመልከት ይችላል። ይህ ጥሩ ነው። ነገር ግን ቀጠሮ በተራዘመ ቁጥር ምስክሯ የቀን ሥራዋን ትታ ትመላለሳለች። እኛ በበኩላችን ይህ ተገቢ ነው አንልም። የመጡ ምስክሮች በመጡበት ቀን ቃላቸው ቢሰማ ብዙ ድካም በቀረ ነበር።

ከሱሉልታ በኩል ተራራውን ተሻግራ የመጣች ኦሮምኛ ተናጋሪ ብትኖርስ? አማርኛ አልችልም ብላ አትቅር። አስተርጓሚ ይጠየቅላት።

ሌላው ችግር ፍርሃት ነው። «በባልና ሚስት መካከል አልገባም» የሚል ጎረቤት ብዙ ነው። ቀድሞ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ፍቺን የሚወስኑት የቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ነበሩ። በ1992ቱ ሕግ ግን ሽማግሌ ያስታርቃል እንጂ አያፋታም። የሚያፋታው ፍርድ ቤት ነው። ዳኛው ደግሞ መንደሩን አያውቅም፤ ካልነገሩት ከየት ያውቃል? ሚስትም ብትሆን የደበደባት ሰው ፊት ለፊት ቆሞ ሲጠይቃት አንደበቷ ይታሰራል። በእንግሊዝ አገር በፈረንጆች 2021 የወጣ ሕግ፣ በቤት ውስጥ ጥቃት የተከሰሰ ወይም የተፈረደበት ሰው በቤተሰብ ችሎት ተበዳይዋን ራሱ መስቀለኛ ጥያቄ እንዳይጠይቃት ከልክሏል። ለእኛም አገር ሊታሰብበት የሚገባ ነገር ነው።

ጋብቻው በምስክር ከተረጋገጠ ነገሩ ይለወጣል። ንብረት በአንዱ ስም ቢመዘገብም የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል። «የግሌ ነው» የሚለው ባል እንግዲህ ራሱ ያስረዳ።

የልጆቻችሁን የልደትና የክርስትና ወረቀት ዝናብ በማይነካው ቦታ አስቀምጡ። የዕድር ደብተሩንም አስመጡና የሁለታችሁም ስም ተጽፎ እንደሆነ አንብቡ።