ኬኒ ዋሽንግተን፦ ያልተጻፈውን ሕግ የሰበረው ተጫዋች

ስለ አሜሪካ ስፖርትና ስለ ጥቁሮች ትግል ሲነሣ ብዙዎቻችን የምናውቀው ጃኪ ሮቢንሰንን ነው። ሮቢንሰን እ.ኤ.አ. በ1947 በዋናው የቤዝቦል ሊግ ተሰልፎ ለጥቁሮች ተዘግቶ የቆየውን በር ከፈተ። ይሁን እንጂ ከእርሱ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ በአሜሪካ እግር ኳስ ተመሳሳይ በር የከፈተ ሌላ ሰው ነበር። እርሱም በዩኒቨርሲቲ ከሮቢንሰን ጋር በአንድ ቡድን የተጫወተው ኬኒ ዋሽንግተን ነው። ዛሬ ማን እንደነበረና ያ በር እንዴት እንደተከፈተ እናወጋችኋለን።

በቅድሚያ ስለ ጨዋታው ጥቂት እንበል። የአሜሪካ እግር ኳስ ስሙ እግር ኳስ ይሁን እንጂ ልጆቻችን ከሚጫወቱት ካዱርጌል ፈጽሞ የተለየ ነው። ኳሱ ሞላላ ነው። ተጫዋቹ ኳሱን በእጁ ይዞ ይሮጣል፣ ወይም ለጓደኛው ይወረውራል፤ ተቃራኒዎቹ ደግሞ ይዘው መሬት ላይ ይጥሉታል። ርቀቱ የሚለካው በያርድ ሲሆን፣ አንድ ያርድ ከአንድ ሜትር ጥቂት ያንሳል። ሜዳው ከጎል መስመር እስከ ጎል መስመር 100 ያርድ ነው።

ኬኒ ዋሽንግተን በ1918 በሎስ አንጀለስ ከተማ ተወለደ። ያደገው ብዙ የጣሊያን ስደተኞች በሚኖሩበት ሰፈር ሲሆን፣ ያሳደጉትም አያቱና ፖሊስ የነበረው አጎቱ ናቸው። በከተማው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ 13 ቁጥር ለብሶ ተጫወተ። በ1939 የውድድር ዘመን በሩጫና በውርወራ 1,370 ያርድ በማስመዝገብ ከአሜሪካ የዩኒቨርሲቲ ተጫዋቾች ሁሉ አንደኛ ሆነ። በዚያን ጊዜ አንድ ተጫዋች ማጥቃትም መከላከልም ነበረበት፤ ኬኒ በዚያ ዓመት ከ600 ደቂቃ ውስጥ 580ውን ሜዳ ላይ ነበር። የመጨረሻ ጨዋታውን ከ100,000 በላይ ተመልካች በተገኘበት በሎስ አንጀለሱ ኮሊሲየም ስታዲየም ሲጨርስ ሕዝቡ ከመቀመጫው ተነሥቶ አጨበጨበለት።

ከዚያ በኋላ የሆነው ግን ያሳዝናል። በዚያው ወር የሊጉ 10 ቡድኖች ከየዩኒቨርሲቲው 200 ተጫዋቾች መረጡ። የኬኒ ስም ከ200ው ውስጥ አልነበረም።

ለምን? ቢባል መልሱ የቆዳው ቀለም ነው። በሊጉ እስከ 1933 ድረስ ጥቂት ጥቁር ተጫዋቾች ነበሩ፤ ከ1934 እስከ 1945 ግን አንድም አልነበረም። ይህን የሚል የተጻፈ ሕግ አልነበረም። የቡድን ባለቤቶችም እንዲህ ያለ ስምምነት የለም እያሉ ይክዱ ነበር። የተጻፈ ሕግ ቢኖር ተከራክሮ ማሰረዝ ይቻል ይሆናል፤ የለም የሚባል ነገር ግን በምን ይያዛል?

ኬኒ እንጀራውን ፍለጋ የከተማው ፖሊስ ሆነ፤ ጎን ለጎንም ጥቁሮችን በሚቀበል በምዕራብ አሜሪካ በነበረ አነስተኛ ሊግ ውስጥ ሆሊውድ ቤርስ ለተባለ ቡድን ተጫወተ። የጉልምስና ምርጥ ዓመታቱ በዚህ አለፉ፤ ጉልበቱም ደጋግሞ ተጎዳ።

በሩ የተከፈተው በአንድ ጥያቄ ነው። በ1946 መጀመሪያ ላይ የ1945 ሻምፒዮና የነበረው ራምስ ቡድን ከክሊቭላንድ ወደ ሎስ አንጀለስ ሊዛወር ፈልጎ በኮሊሲየም ለመጫወት ፈቃድ ጠየቀ። ስታዲየሙን የሚያስተዳድረው ኮሚሽን ስብሰባ ላይ የከተማው የጥቁሮች ጋዜጣ የስፖርት ጸሐፊ ሃሊ ሃርዲንግ ተነሥቶ ተናገረ። ይህ ስታዲየም የሕዝብ ነው፤ የተሠራው ጥቁሮችም በሚከፍሉት ግብር ነው፤ ታዲያ ጥቁሮችን የማያስገባ ቡድን እንዴት ይጫወትበታል? ብሎ ተከራከረ። ኬኒ ዋሽንግተንንም በስም ጠቀሰ። ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል እንደሚባለው ነው። የቡድኑ ተወካዮች ጥቁር ተጫዋች ለመሞከር ቃል ገቡ።

ኬኒም በመጋቢት 21 ቀን 1946 ከራምስ ጋር ውል ፈረመ። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ የዩኒቨርሲቲ ጓደኛው ዉዲ ስትሮድ ተከተለው። ስትሮድ ኋላ ታዋቂ የፊልም ተዋናይ የሆነው ነው።

ነገር ግን ኬኒ ሲገባ 27 ዓመቱ ነበር፤ ጉልበቱም እንደ ቀድሞው አልነበረም። የተጫወተው ሦስት ዓመት ብቻ ነው። ሆኖም በ1947 የዓመቱ ሻምፒዮና በሆነው በቺካጎ ካርዲናልስ ላይ 92 ያርድ በአንድ ሩጫ አለፈ። ይህ በራምስ ታሪክ ረጅሙ ሩጫ ነው። በዚያው ዓመት በአንድ ሩጫ በአማካይ 7.4 ያርድ በመጓዝ ከሊጉ አንደኛ ሆነ። ይህ እንግዲህ በተጎዳ ጉልበት ነው።

ኬኒ በ1948 መጫወት አቁሞ በ1971 በ52 ዓመቱ አረፈ። ሮቢንሰን በዚያው ዓመት ስለ ጓደኛው ሲጽፍ፣ ካያቸው ሁሉ ታላቁ የእግር ኳስ ተጫዋች እርሱ እንደነበረና ዕድሉን በጊዜው ባለማግኘቱ በልቡ ጥልቅ ቁስል እንደያዘ መስክሯል።

የሃርዲንግ ጥያቄ ግን በዚያ አላበቃም። ከሁሉም ቡድኖች ዘግይቶ የቀረው የዋና ከተማዋ የዋሽንግተን ቡድን ነበር። በ1961 የአሜሪካ መንግሥት ለባለቤቱ፣ አዲሱ ስታዲየም የተሠራው በመንግሥት መሬት ላይ ስለሆነ ጥቁሮችን ካላስገባህ አትጫወትበትም አለው። በ1962 ጥቁር ተጫዋቾች ገቡ።

ከኬኒ ታሪክ ሁለት ነገር እንይዛለን። አንደኛው፣ የተዘጋ በር ሲያጋጥም ሜዳው የማን ነው? በማን ገንዘብ ተሠራ? ብሎ በስብሰባ ፊት መጠየቅ ኃይል እንዳለው ነው። ሁለተኛው፣ በሩ ቢከፈትም የዘገየው ዓመት ተመልሶ እንደማይመጣ ነው። ኬኒ በ21 ዓመቱ ቢገባ ኖሮ ምን ያህል ይሮጥ እንደነበር ማንም አያውቅም። ልጆቻችሁ ስለ ሮቢንሰን በትምህርት ቤት ተምረው ሲመጡ የጓደኛውንም ስም ንገሯቸው።