ዘመኑን የሳተው ድንጋይ

የአሶሳን ዙሪያ ኮረብታዎች የሚያውቅ ሰው ነጩን ድንጋይ ያውቀዋል። ኳርትዝ ይባላል። የአካባቢው ወርቅ ብዙ ጊዜ የሚገኘው በኳርትዝ ጅማቶች ውስጥ ስለሆነ ወርቅ አውጪዎች ዱካውን ሲከተሉ ኖረዋል። የዛሬ ሃያ ዓመት ገደማ ግን ይህንኑ ድንጋይ ለሌላ ጉዳይ የሚፈልጉ ሰዎች መጡ።

ቡድኑን የመራው በማድሪድ ኮምፕሉተንሴ ዩኒቨርሲቲ የአርኪዮሎጂ ምሁር የሆነው ቪክቶር ፈርናንዴዝ ነው። ቀደም ሲል ሱዳን ውስጥ፣ በዓባይ ዳርቻ፣ የጥንት ሸክላ ሠሪዎችንና ከብት አርቢዎችን መንደር ሲያጠና ቆይቷል። ወንዙን ሽቅብ ሲከተል የሚደርሰው ቤኒሻንጉል ጉሙዝ ነው፤ ሜዳው አልቆ ደጋው የሚጀምርበት ጠርዝ። እዚያም አሶሳ አካባቢ በሚገኙ ቃባ እና ቤል ቁርቁሙ በተባሉ ሁለት የአለት መጠለያዎች ቁፋሮ ተጀመረ።

ከአፈሩ የወጣው አብዛኛው የተጠረበ ኳርትዝ ነበር። አጠራረቡ ግን ግራ ያጋባል። ጠራቢው ድንጋዩን በአንድ እጁ ይዞ እያዟዟረ ከጠርዙ ወደ መሃሉ ይመታዋል። እያንዳንዱ ምት ለሚቀጥለው መንገድ ይጠርጋል፤ በመጨረሻ ስለታም ስንጣሪ ይነሳል። ይህ ዘዴ ለባለሙያ ዓይን የታወቀ ነው፦ የመካከለኛው የድንጋይ ዘመን አሠራር ነው። ዝዋይ አጠገብ ጋደሞታ ላይ ተመሳሳይ ብልሃት በባልጩት የተሠራው ከ270 ሺህ ዓመት በፊት ነው። በትምህርት መጻሕፍት ቅደም ተከተል መሠረት ከ50 ሺህ ዓመት ገደማ ወዲህ ቦታውን ለቀጫጭን ስለቶችና ለደቃቃ መሣሪያዎች እየለቀቀ መሄድ ነበረበት።

ዕድሜውን ለማወቅ የተደረገው የሬዲዮካርቦን ምርመራ ውጤት ሲመጣ ነገሩ ተገለበጠ። ትልቁ ዕድሜ 5 ሺህ ዓመት ገደማ ሆኖ ተገኘ፤ ትንሹ ከ1 ሺህ ዓመት በታች ነው፤ ወደ ዛጉዌ ነገሥታት ዘመን ይጠጋል። የግብፅ ፒራሚዶች ሲገነቡ፣ አክሱም ተነሥታ ስትወድቅ፣ እነዚህ መጠለያዎች ውስጥ እጅግ ያረጀ የሚመስል ጥርብ ድንጋይ ይከማች ነበር ማለት ነው።

እንዲህ ያለ ውጤት ሲያጋጥም መጀመሪያ የሚጠረጠረው አፈሩ ነው። ምስጥ ይቆፍራል፣ ሥር ይሰነጥቃል፣ ጎርፍ የላዩን ከታቹ ያደባልቃል፤ የመቶ ሺህ ዓመት ድንጋይ ከትናንት ከሰል አጠገብ ሊገኝ ይችላል። ሁለተኛው ተጠርጣሪ ሰው ራሱ ነው፤ የጥንት ስንጣሪ አንሥቶ ዳግም ቢጠቀምበት ማን ይከለክለዋል? ሦስተኛው ድንጋዩ ነው። ኳርትዝ በውስጡ ስንጥቅ የበዛበት ስለሆነ ሲመታ እንደታሰበለት ሳይሆን እንደፈለገው ይፈረካከሳል። ባልጩት እንደሚሰጠው ያለ ረጅምና ቀጭን ስለት ከእሱ ማውጣት ከባድ ነው፤ እጅ ወደ አሮጌው ዘዴ ቢመለስ አያስገርምም።

ይሁንና ጥርጣሬው ሁሉንም አይመልስም። ኢግናሲዮ ዴ ላ ቶሬን እና አልፍሬዶ ጎንዛሌዝ-ሩይባልን ጨምሮ ቡድኑ እ.ኤ.አ. በ2007 በጆርናል ኦቭ አፍሪካን አርኪዮሎጂ ባወጣው ጥናት ጥንታዊው መልክ እስከ ቅርብ ዘመን መዝለቁን አሳየ። ከዚያ ወዲህ ሌሎች ቦታዎችም ተመሳሳይ ነገር ይናገሩ ጀመር። ድሬዳዋ አካባቢ ጎዳ ቡቲቻ በተባለው ዋሻ የመካከለኛው የድንጋይ ዘመን አሠራር ከጥቂት ሺህ ዓመታት በፊት በተከማቸ አፈር ውስጥ ተገኘ። በሴኔጋልም እስከ 11 ሺህ ዓመት በፊት ድረስ ቆይቶ እንደነበር እ.ኤ.አ. በ2021 ታተመ። እንዲያውም ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ በኮንሶና በጋሞ ቆዳ ፋቂዎች የድንጋይ መፋቂያ እየጠረቡ ሲሠሩ በዘመናችን ተመራማሪዎች አጠገባቸው ተቀምጠው አጥንተዋል። እነዚህ ባለሙያዎች ከድንጋይ ዘመን ተርፈው የቀሩ አይደሉም፤ ግብር የሚከፍሉ፣ ገበያ የሚወጡ፣ ለሥራቸው የሚስማማውን መሣሪያ የመረጡ ሰዎች ናቸው።

ጎንዛሌዝ-ሩይባል ከቁፋሮው ባሻገር ሄዶ ዓመታትን በሕያዋኑ ዘንድ አሳለፈ፤ በጉሙዝ፣ በበርታ፣ በማኦና በኮሞ መንደሮች። ቤት አሠራራቸውን፣ ሸክላቸውን፣ ቀስታቸውን መዘገበ፤ እ.ኤ.አ. በ2014 ባሳተመው መጽሐፉም የድንበሩን ሕዝቦች ታሪክ የእምቢታ ታሪክ አድርጎ ተረከው። ምክንያትም አለው። ይህ ጠርዝ ከሱዳን በኩልም ከደጋው በኩልም ለዘመናት በባሪያ ፍንገላ ተመትቷል፤ ሰው ወደ ተራራ እየሸሸ፣ የራሱን ወግ አጥብቆ እየያዘ ኖሯል። በዚህ ዓይን ሲታይ የጎረቤትን አዲስ ነገር አለመቀበል ከጎረቤቱ ጌታ ራስን መከላከያ ሊሆን ይችላል።

እዚህ ላይ ግን ጥንቃቄ ያሻል። ድንጋይ የጠራቢውን ቋንቋና የነገዱን ስም አይናገርም፤ ከሺህ ዓመት በፊት በቃባ የተቀመጠውን ሰው የዛሬው የእገሌ ብሔረሰብ አያት ነው ብሎ መደምደም አይቻልም። ከዚህም የባሰው አደጋ ሌላ ነው፦ «ኋላ ቀር» የሚለው ስድብ ለዘመናት የተወረወረበት ሕዝብ አሁን ደግሞ በሳይንስ ስም «የጥንት ቅሪት» ተብሎ እንዳይሰደብ ነው። የቃባ ድንጋይ የሚመሰክረው ተቃራኒውን ነው። ዘመናት አንዱ ሌላውን እየተካ የሚወጣበት አንድ መሰላል የለም። የሚሠራ ዘዴ እዚያው ባለው ድንጋይ፣ ለዚያው ሥራ፣ ሺህ ዓመታት ይዘልቃል፤ ጠፋ ሲሉትም ይመለሳል።

ስለዚህ ነገ በአሶሳ ዙሪያ የሚቆፍር ተማሪ ነጩን ስንጣሪ አንሥቶ መልኩን ብቻ በማየት «መቶ ሺህ ዓመት» ብሎ ቢጽፍበት ይሳሳታል። መጀመሪያ አብሮት የወጣውን ከሰል ያስመርምር፣ አፈሩ አለመነካቱን ያረጋግጥ፣ ከዚያ ስለ ዘመኑ ይናገር።