ጉዳይን መመለስ (የሥራ ክርክር)

በሥራ ክርክር ጉዳይን መመለስ ማለት ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ክርክሩን ራሱ ከመቋጨት ይልቅ የሥር ፍርድ ቤት ዳግም እንዲያየው የሚሰጠው ትእዛዝ ነው።

በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት የግል የሥራ ክርክር የሚጀምረው በመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ነው። ዳባት ላይ ከሥራ የተሰናበተ የሆቴል ሠራተኛ ክሱን ለወረዳው ፍርድ ቤት ያቀርባል፤ ይግባኙ በ30 ቀን ውስጥ ለዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ሁለቱም በየደረጃቸው በ60 ቀን እንዲወስኑ አዋጁ ያዛል። የይግባኙ ውሳኔ የመጨረሻ ነው፤ መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለበት የሚል ወገን ግን ለሰበር ማመልከት ይችላል።

አመላለሱን የሚወስነው የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። የወረዳው ፍርድ ቤት ምስክር ሳይሰማ «ክሱ በይርጋ ታግዷል» ብሎ መዝገቡን ዘግቶ ከሆነና ይህ ብይን በይግባኝ ከተሻረ፣ ፍሬ ነገሩ እንዲሰማ ክርክሩ ይመለሳል (ቁጥር 341)። ያልተጣራው አንድ ጭብጥ ብቻ ከሆነ እሱው ተለይቶ ይላካል (ቁጥር 343)። በመዝገቡ ያለው ማስረጃ የሚበቃ ሲሆን ግን ይግባኝ ሰሚው ራሱ መወሰን ይችላል (ቁጥር 342)፤ ለሠራተኛው የሚሻለውም ይኸኛው ነው።

ምክንያቱም ይርጋውን በይግባኝ ያሸነፈ ሠራተኛ ገና ስንብቱ ሕገ ወጥ መሆኑን አላስረዳም። በአንቀጽ 43 መሠረት ወደ ሥራው እንዲመለስ ቢፈረድለት እንኳ ውዝፍ ደመወዙ በመጀመሪያ ደረጃ ከ6 ወር፣ ውሳኔው በይግባኝ ሲጸና ደግሞ ከ1 ዓመት አይበልጥም። መዝገቡ ሲመላለስ 2 ዓመት ቢፈጅም ጣሪያው ከፍ አይልም።