ከአጥሩ ውጭ ያለችው ጎንደር

በጎንደር የሚካሄደው ጉብኝት ለረጅም ዓመታት አንድ መስመር ተከትሎ የኖረ ነው። ጎብኚው ትኬት ቆርጦ ወደ ፋሲል ግቢ ይገባል፤ ዐፄ ፋሲለደስ በ1636 (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ከተማዋን መናገሻ ካደረጓት በኋላ ያሠሩትን ግንብ፣ የዐፄ ዮሐንስን ቤተ መጻሕፍት፣ የታላቁ ኢያሱን፣ የዳዊትን፣ የበካፋንና የእቴጌ ምንትዋብን ሕንፃዎች በየተራ ያያል፤ ከዚያም ወደ ቀሃ ወንዝ ወርዶ ጥምቀተ ባሕሩን፣ ወደ ደብረ ብርሃን ሥላሴ ወጥቶ የጣሪያውን የመላእክት ሥዕል ተመልክቶ ወደ ማረፊያው ይመለሳል። ዩኔስኮ በ1979 በዓለም ቅርስነት የመዘገበውና 900 ሜትር ያህል በሚረዝም አጥር የተከበበው ግቢ ይህ ክብር የሚገባው መሆኑ አያጠያይቅም። ሆኖም ጎንደርን ከተማ ያደረጋት ግቢው ብቻ አልነበረም። ድንጋዩን የጠረቡት፣ ብረቱን የቀጠቀጡት፣ የንጉሡን ድንኳን ተክለው የነቀሉት፣ የጨርቁንና የቅመሙን ጭነት ከምፅዋና ከስናር ያመላለሱት ሰዎች የሚኖሩት ከአጥሩ ውጭ ነበር፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ ከአጥሩ ውጭ ብቻ ሳይሆን ከሌላው ነዋሪም ተነጥለው እንዲኖሩ በአዋጅ የታዘዙ ነበሩ።

የከተማዋ ሰፈሮች የነዋሪዎቻቸውን ሥልጣን፣ ሃይማኖትና ሙያ ተከትለው የተከፋፈሉ ናቸው። አቡን ቤት ከግብፅ እየተሾመ የሚመጣው ጳጳስ መቀመጫ ሲሆን፣ እጨጌ ቤት ደግሞ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት አለቃና ከጳጳሱ ቀጥሎ ያለውን ሥልጣን የያዘው የእጨጌ ሰፈር ነበር፤ ሁለቱም ከንጉሥ ቁጣ ወይም ከባለ ደም የሸሸ ሰው ገብቶ የሚማጸንባቸው፣ ወታደር ደፍሮ የማይገባባቸው ቦታዎች ሆነው ኖረዋል። ቀኝ ቤትና ግራ ቤት የቤተ መንግሥቱ ሹማምንት በቀኝና በግራ የተመደቡባቸው ነበሩ። ከእነዚህ ውጭ ያሉት እስላም ቤት እና ካይላ ሜዳ ግን የተመሠረቱት በሹመት ሳይሆን በማግለል ነው፤ የዚህም ጽሑፍ ጉዳይ በዋናነት እነርሱ ናቸው።

ዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ (1667–1682) በነገሡ በሁለተኛው ዓመት፣ በ1668፣ በጎንደር ጉባኤ ተሰበሰበ። የጉባኤው ውሳኔ ሦስት ወገኖችን የሚመለከት ነበር። ከፖርቱጋል ወታደሮች የተወለዱትና የካቶሊክ እምነት የያዙት “ፍራንጆች” ወይ ወደ ተዋሕዶ እንዲገቡ ወይ አገር ለቀው እንዲሄዱ፣ ሙስሊሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው በራሳቸው ሰፈር እንዲኖሩ፣ በዘመኑ ካይላ ወይም ፈላሻ ይባሉ የነበሩት ቤተ እስራኤሎችም እንዲሁ ለብቻቸው እንዲሆኑ ተወሰነ። አዋጁ ከ10 ዓመት በኋላ በ1678 እንደገና መውጣቱ የመጀመሪያው ሙሉ በሙሉ እንዳልተፈጸመ፣ ማለትም ጎረቤት ከጎረቤቱ መለየትን እንዳልፈለገ ወይም እንዳልቻለ ያሳያል። ይህን ነጥብ ማንሣት ተገቢ የሚሆነው፣ የሰፈሮቹ መለያየት ከነዋሪዎቹ ጠብ የመጣ ሳይሆን ከላይ የወረደ ትእዛዝ መሆኑን አብዛኛው ጎብኚ ሳይሰማ ስለሚመለስ ነው።

ሙስሊሞቹ የሰፈሩበት የከተማዋ ዝቅተኛ ክፍል፣ እስላም ቤት፣ በኋላ አዲስ ዓለም ተባለ። ሥራቸው በአመዛኙ ንግድና ሽመና ነበር፤ የነጋዴዎች አለቃና የቀረጥ ሹም የሆነው ነጋድራስም ብዙ ጊዜ ከእነርሱ ወገን ይሾም ነበር። በ1770 ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በቀሃ በኩል ያለውን ሰፊ የሙስሊም ሰፈር ገልጾ፣ ነዋሪዎቹ ታታሪዎች እንደሆኑና ብዙዎቹ የንጉሡንና የመኳንንቱን ድንኳንና ጓዝ በመጠበቅ፣ በዘመቻ ጊዜም በመትከልና በመንቀል እንደሚያገለግሉ ጽፏል። የነገሩ ክብደት ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ንጉሠ ነገሥቱ በዘመቻ ላይ የሚያድርበትን ድንኳን በእጃቸው የሚተክሉለት ሰዎች፣ በሰላም ጊዜ ከእርሱ ከተማ በታች ተለይተው እንዲያድሩ ይገደዱ ነበር።

እንዲህ ያለው ነገር በጎንደር ብቻ የተፈጸመ አልነበረም። በጃፓኗ ናጋሳኪ የቻይና ነጋዴዎች ከከተማው ሕዝብ ጋር ተደባልቀው ይኖሩ የነበረ ሲሆን፣ ከጎንደር ጉባኤ 21 ዓመት በኋላ፣ በ1689፣ በአጥር በታጠረና በር ጠባቂ ባለው ግቢ ውስጥ እንዲሰበሰቡ ተደረገ። በፊሊፒንስ ማኒላ ደግሞ ስፔናውያን ክርስትና ለተቀበሉ ቻይናውያን ቢኖንዶን በ1594 ለይተው ሰጡ። መንግሥቶቹ በሃይማኖትም በባሕልም የተራራቁ ሆነው ሳለ አካሄዳቸው አንድ ነው፦ የነጋዴውን ዕቃና የባለሙያውን እጅ ይፈልጉታል፣ ሰውየውን ግን በጎረቤትነት አይፈልጉትም። ዛሬ ቢኖንዶ ጎብኚዎች በአስጎብኚ እየተመሩ በእግራቸው የሚዞሩት፣ ምግቡን እየቀመሱ ታሪኩን የሚሰሙበት ሰፈር ነው። በአሜሪካ ሳን ፍራንሲስኮ የሆነው ግን ሌላ ትምህርት አለው። በ1906 የመሬት መንቀጥቀጥና እሳት የቻይና ሰፈሩ ሲወድም የከተማው ሹማምንት ነዋሪዎቹን ወደ ዳር ሊያወጧቸው አስበው ነበር፤ የሰፈሩ ነጋዴዎች በበኩላቸው ቻይናውያን ባልሆኑ አርክቴክቶች አማካይነት ጣሪያቸው እንደ ቤተ መቅደስ የተቀነፈ ሕንፃዎችን አሠርተው ጎብኚ በመሳብ ቦታቸውን አስከበሩ። ሰፈሩ የተረፈው ሌላው ሰው ሊያየው የሚፈልገውን መልክ ለብሶ ነው፤ ሆኖም ውሳኔው የነዋሪዎቹ የራሳቸው ነበር፣ ገቢውም በእነርሱው እጅ ቀርቷል።

ጉብኝቱን ነዋሪዎቹ ራሳቸው በወሰኑበትና ባልወሰኑበት ቦታ መካከል ያለው ልዩነት ቤተ እስራኤሎች ይኖሩበት ወደነበረው ወደ ወለቃ መንደር ሲመጣ ጎልቶ ይታያል። ስለ ወለቃ ለመናገር ግን አስቀድሞ ቤተ እስራኤሎች ወደ ጎንደር እንዴት እንደ መጡ መረዳት ያስፈልጋል። በሰሜን ተራሮች የራሳቸው አለቆች የነበሯቸው ቤተ እስራኤሎች በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን፣ በ1620ዎቹ፣ በረጅም ጦርነት ተሸንፈው የመሪዎቻቸው ሥልጣን አከተመ። ርስት፣ ማለትም ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ የመሬት መብት፣ የሌለው ሰው የሚተዳደረው በእጁ ሙያ ነውና፣ ብዙዎቹ አንጥረኞች፣ ሸክላ ሠሪዎች፣ ሸማኔዎች፣ አናጢዎችና ግንበኞች ሆኑ። አዲሲቱ መናገሻ ደግሞ ከምንም በላይ የምትሻው ግንበኛ ነበር። በ1648 ከየመን ኢማም ተልኮ የመጣው አል ሃይሚ የፋሲለደስን ግንብ ያቀደው ሕንዳዊ ባለሙያ እንደሆነ ጽፏል፤ ይሁን እንጂ ግንብ በአንድ አዋቂ እጅ አይቆምምና፣ ከጠራቢዎቹ፣ ከአናጢዎቹና ከብረት ሠሪዎቹ መካከል በካይላ ሜዳ የሚኖሩ ቤተ እስራኤሎች እንደነበሩበት የማኅበረሰቡ ትውፊትም የታሪክ ጸሐፊዎች ጥናትም ይስማማሉ። ከእነርሱም ለሙያቸው ሹመትና መሬት ያገኙ ነበሩ። መናገሻይቱ በዘመነ መሳፍንት ስትዳከም ይህ ሁሉ ቀረ፤ የቀረላቸው ጠይብ የሚለው ስምና ከስሙ ጋር የተጣበቀው ክፉ ወሬ ነው፤ ብረት የሚቀጠቅጠውና ሸክላ የምትሠራው “ቡዳ” ናቸው፣ በዓይናቸው ሰው ይበላሉ፣ ሌሊት ጅብ ይሆናሉ የሚለው እምነት። ማረሻውንና ምጣዱን ከእነርሱ የሚገዛው ገበሬ ከእነርሱ ጋር ማዕድ አይቆርስም ነበር።

ወለቃ ከጎንደር በስተሰሜን፣ ወደ ደባርቅና ወደ ሰሜን ተራሮች በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ከከተማዋ ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ርቆ የሚገኝ መንደር ነው። ከ1984 ኅዳር እስከ 1985 ጥር በተካሄደው የሙሴ ዘመቻ ወደ 8,000 የሚጠጉ ቤተ እስራኤሎች በሱዳን በኩል ወደ እስራኤል ተወሰዱ፤ ወደ ሱዳን በእግር ሲጓዙና በመጠለያዎቹ ውስጥ ሲጠባበቁ በሺዎች የሚቆጠሩ ሞተዋል። በ1991 ግንቦት በተካሄደው የሰሎሞን ዘመቻ ደግሞ በ36 ሰዓት ገደማ ውስጥ ከአዲስ አበባ ከ14,000 በላይ ሰዎች በአውሮፕላን ሄዱ። የወለቃ ሰዎች ሄዱ፤ የወለቃ ጉብኝት ግን ቀረ። በመንገዱ ዳር የዳዊት ኮከብ የተሣለባቸው ሰሌዳዎች አሁንም “የፈላሻ መንደር” እያሉ መንገደኛውን ይጠራሉ፤ ማኅበረሰቡ ራሱ ይህን ስም እንደ ስድብ ቆጥሮ ከተወው ቆይቷል። አሮጌው ጸሎት ቤት ይታያል፤ የሸክላ አንበሶች፣ ንጉሥ ሰሎሞንና ንግሥተ ሳባ፣ ኮከብ የተቀረጸባቸው ትናንሽ ቅርጾች ይሸጣሉ። ከሠሪዎቹ አብዛኞቹ ሙያውን የወረሱ ወይም በሥልጠና የተማሩ ክርስቲያን ሴቶች ናቸው። ጭቃውን ያለ መንኮራኩር በእጃቸው እየገነቡ፣ በጠጠር እያለሰለሱ፣ በማገዶ እያቃጠሉ የሚሠሩት ሥራ የተከበረ ነው፤ ኑሮአቸውም በእርሱ ላይ የተመሠረተ ነው። የሚያሳዝነው ጎብኚው ሸክላውን ገዝቶ ሲመለስ የሄዱት ለምን እንደሄዱ፣ ከመሄዳቸውም በፊት በዚያ መንደር ተለይተው የኖሩት ለምን እንደሆነ የሚነግረው ሰው አለማግኘቱ ነው። ከዚህም በላይ፣ በእስራኤል ያደጉ ልጆችና የልጅ ልጆች ወላጆቻቸው የተወለዱባቸውን መንደሮችና የአያቶቻቸውን መቃብር ለማየት ወደ ወለቃና ወደ አምቦበር ይመጣሉ፤ ለእነርሱ ይህ ቦታ የዕቃ ገበያ አይደለም።

መለያየቱ ከነገሥታቱ ጋር አልቆመም። ጣሊያን በ1936 ጎንደርን ይዞ ከግዛቶቹ የአንዱ ዋና ከተማ ሲያደርጋት፣ ጌራርዶ ቦሲዮ የተባለው አርክቴክት ባወጣው ፕላን ለነጮቹ የላይኛው ክፍል፣ ለአገሬው ሕዝብ ሌላ ክፍል ተመደበ። ዛሬ ፒያሳ የሚባለው፣ ፖስታ ቤቱና ሲኒማ ቤቱ ያሉበት አካባቢ የዚያ ውጤት ነው፤ አስጎብኚዎችም የሕንፃዎቹን ውበት ደኅና አድርገው ያስረዳሉ። ሕንፃዎቹ ውብ ናቸው፤ ነገር ግን የፒያሳ ካርታ ከ1668ቱ አዋጅ ጋር ጎን ለጎን ካልተነበበ ግማሽ ታሪክ ነው።

ይህን ታሪክ በእግር ጉብኝት መናገር ቀላል አይደለም። በ2022 ሚያዝያ በጎንደር በአንድ የሙስሊም አባት ቀብር ላይ በተነሣ ግጭት የሰው ሕይወት ጠፍቷል፣ ንብረት ተዘርፏል፤ ከ2023 ነሐሴ ጀምሮ በክልሉ የቀጠለው ጦርነት ደግሞ የጎብኚውን እግር አሳጥሮ ብዙ አስጎብኚዎችን ያለ ሥራ አስቀምጧል። እንዲህ ባለ ጊዜ የመለያየትን ታሪክ ማንሣት ቁስል መቀስቀስ ነው የሚሉ አሉ፤ ሥጋታቸውም ከንቱ አይደለም። ነገር ግን ዝምታው የሚያስተምረው ሌላ ነገር ነው፤ አዲስ ዓለምን ከጉብኝቱ መስመር የሚያወጣ አካሄድ ሳያስበው ሙስሊሙ በጎንደር እንግዳ ነው የሚል መልእክት ያስተላልፋል። አዲስ ዓለም ከአብዛኞቹ የግቢው ሕንፃዎች የማያንስ ዕድሜ ያለው ሰፈር ነው።

በቅርብ ዓመታት በአብያተ መንግሥታቱ ላይ ሰፊ የጥገና ሥራ ተካሂዷል። ከድንጋዩ ጥገና ጋር አብሮ ሊሄድ የሚችለው ሥራ ብዙ ገንዘብ አይጠይቅም። በማኅበር የተደራጁት አስጎብኚዎች የከተማዋን ቁልቁለት ራሱን መንገድ አድርገው ሊጠቀሙበት ይችላሉ፦ ከግቢው አጠገብ ካለው ከጃን ተከል ዋርካ ተነሥቶ፣ ፒያሳን አልፎ፣ በአቡን ቤትና በእጨጌ ቤት በኩል ወደ አዲስ ዓለም መውረድ፣ ከዚያም ወደ ካይላ ሜዳ። በአዲስ ዓለም ተናጋሪው አስጎብኚው ብቻ ሳይሆን የሰፈሩ ሽማግሌዎችም መሆን አለባቸው፤ የመስጊዶቹን፣ የሸማኔ ቤቶቹንና የነጋድራሶቹን ወሬ የሚያውቁት እነርሱ ናቸውና፣ ከጉብኝቱ ክፍያም ድርሻቸው ሊደርሳቸው ይገባል። በካይላ ሜዳ ደግሞ የሚያስፈልገው በአማርኛ፣ በዕብራይስጥና በእንግሊዝኛ የተጻፈ፣ የግንበኞቹን ሥራና የ1668ቱን ውሳኔ በግልጽ የሚናገር ሰሌዳ ነው፤ ጽሑፉም በጎንደር ዩኒቨርሲቲ የታሪክ መምህራንና በእስራኤል ባሉ የቤተ እስራኤል ቄሶች ታይቶ ቢጸድቅ የተሻለ ይሆናል።