ሦስተኛው መለኪያ

በ«ካዛብላንካ» ፊልም ውስጥ ሁለት አዛውንት ባልና ሚስት ወደ አሜሪካ ሊሻገሩ ነው። የስንብቱን ብርጭቆ ሊያነሱ ሲሉ የሪክ ካፌ ዋና አስተናጋጅ ካርል ምርጥ ብራንዲ ይዞ ከተፍ ይላል። አብሯቸው እንዲቀመጥ ይጋብዙታል። እሱም መጋበዙን አስቀድሞ ገምቶ ኖሯል፤ ሦስተኛ መለኪያ ይዞ ነው የመጣው።

ትወና የሚያስተምር ሰው ይህን ትዕይንት ደጋግሞ ቢያሳይ ትርፍ እንጂ ኪሳራ የለውም። አነስተኛ ሚና የደረሰው ጀማሪ ቃሉን ይሸመድድና ተራው እስኪደርስ ይጠብቃል፤ ሌላው ሲናገር ፊቱ ላይ ምንም የለም። ካርልን እዩት። አዛውንቱ አዲስ በለመዱት እንግሊዝኛ ሰዓት ሲጠያየቁና ሲሳሳቱ አይስቅባቸውም፣ አያርማቸውምም። ከልቡ ያዳምጣቸውና አሜሪካ ላይ እንደማይቸገሩ ያረጋግጥላቸዋል። ተመልካች የሚስቀው በአዛውንቱ ቋንቋ ነው፤ የሚወዳቸው ግን በካርል ፊት በኩል ነው።

ካርልን የተጫወተው ሳካል የተባለ ተዋናይ ነው። በ1883 (እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር) ቡዳፔስት ውስጥ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። ወደ መድረክ ከመውጣቱ በፊት ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳለ ለከተማዋ የቀልድ ትርኢቶች አጫጭር ጽሑፎች ይጽፍ ነበር። «ሶከ ሳካል» የሚለውም የብዕር ስሙ ነው። በ1920ዎቹ በቪየናና በበርሊን ስሙ ገነነ። ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ወደ ሀንጋሪ ተመለሰ፤ በ1940 ደግሞ አውሮፓን ለቆ ሆሊውድ ገባ። ያኔ ዕድሜው 57 ነበር።

በዚያ ዕድሜ፣ በባዕድ ቋንቋ፣ ከእንደገና ጀመረ። የተሰጡትም ሚናዎች ተመሳሳይ ነበሩ፤ ድንጉጥ አጎት፣ ደግ ሱቀኛ፣ ግልፍተኛ ምግብ አብሳይ። ሲጨንቀው ሁለት እጁን ጉንጩ ላይ አድርጎ ያንን ወፍራም ጉንጩን ያርገፈግፈዋል። ይህ እንቅስቃሴ መታወቂያው ሆነ። በ1945ቱ «ክሪስማስ ኢን ኮኔቲከት» ባርባራ ስታንዊክ ምግብ ማብሰል የማትችል የምግብ አምደኛ ስትሆን፣ ጉዷን የሚሸፍንላት ባለ ምግብ ቤቱ ፊሊክስ እሱ ነው።

«ካዛብላንካ»ን መጀመሪያ አልፈለገውም። ሚናው አነሰበት፤ የአራት ሳምንት ሥራ ካልተሰጠኝ ብሎ ተከራከረና በሦስት ሳምንት፣ በሳምንት 1,750 ዶላር ተስማማ። ክርክሩ ለፊልሙ በጀ። ካርል የካፌውን ሒሳብ ይይዛል፣ ለጀርመኑ ሻለቃ ጥሩ ጠረጴዛ ይሰጣል፣ ማታ ደግሞ ከፀረ ናዚው ታጋይ ከቪክቶር ላዝሎ ጋር ወደ ምስጢራዊ ስብሰባ ይሄዳል። ካርልን ካፌው ውስጥ ወዲያ ወዲህ ሲል በተደጋጋሚ ስለምናየው ካፌው የእውነት የሚሠራ ቤት ይመስለናል።

በዙሪያው የነበሩትም እንደሱ ናቸው። አዘጋጁ ማይክል ከርቲዝ የቡዳፔስት ልጅ ነው። ባልና ሚስቱን የተጫወቱት ሉድቪግ ሽቶሰልና ኢልካ ግሩኒንግ ከናዚዎች ያመለጡ ተዋንያን ናቸው። የናዚውን ሻለቃ የተጫወተው ኮንራድ ፋይት ራሱ ናዚን ሸሽቶ ከጀርመን የወጣ ሰው ነው። ሳካል ደግሞ ሦስት እህቶቹን በናዚ ማጎሪያ ካምፖች አጥቷል። የስቱዲዮው አለቃ ጃክ ዋርነር «ከድልስ» የሚል የማባበያ ስም አወጣለትና በፊልም ማስታወቂያዎች ላይ ሳይቀር ተጻፈ። በ1954 ያሳተመው የሕይወት ታሪኩ ርዕስ ግን ከዚህ ስም ጋር ሦስት ገዥዎችን ይደረድራል፤ ንጉሠ ነገሥት ፍራንዝ ዮሴፍን፣ ሂትለርንና የዋርነር ወንድማማቾችን።

በዚያው ዓመት «ዘ ስቱደንት ፕሪንስ» በተሰኘው የመጨረሻ ፊልሙ የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት ሆኖ ታየ። በየካቲት 1955 በልብ ሕመም አረፈ። የትወና መምህራን ስለ መሪ ተዋንያን ብዙ ማስተማሪያ አላቸው፤ በ57 ዓመቱ እንደ አዲስ ስለጀመረው ስለዚህ ሰው ግን እምብዛም አይነሣም። ለአስተናጋጅነት ሚና የተመደበ ተማሪ ካላቸው «ካዛብላንካ»ን ይክፈቱለት፤ ዋናውን ገጸ ባሕርይ ሪክን ትቶ ካርልን ብቻ እየተከተለ እስከ መጨረሻው ይየው።